ሰገባውና ገበሩ፦ «ብርድ ነው» የምንለው የእጅና የጉልበት ሕመም ውስጡ ምን አለ?

ኮዬ ፈጬ ውኃ በፈረቃ ነው። የኛ ብሎክ ተራ በደረሰ ቀን ደረጃው በቢጫ ጀሪካን ይሞላል፤ ሊፍት ስለሌለ 20 ሊትሩ በእጅ ተንጠልጥሎ 4ኛ ፎቅ ድረስ ይወጣል። አንድ የፈረቃ ቀን የ3ኛ ፎቋ ጎረቤቴ ጀሪካኗን ደረጃው ግማሽ ላይ አስቀምጣ፣ የቀኝ እጇን አንጓ በግራዋ ጨብጣ ቆማ አገኘኋት። የበኩር ልጇ ክርስትና ከተነሳች ገና ሁለት ሳምንቷ ነው። ባሏ የት ሄዶ ነው እንዳትሉኝ፤ ሰርቪስ የሚይዘው ጎህ ሳይቀድ ነው።

«ምነው?» ስላት፣ «ጋሼ፣ እጄን ብርድ መታው መሰለኝ። ጀሪካኑስ ይቅር፣ ልጅቷን እንኳ ማንሳት አቃተኝ» አለችኝ።

የፊዚዮቴራፒ ባለሙያ መሆኔን ብሎኩ በሙሉ ያውቃል፤ ሥራ ቦታ ከሚጠይቀኝ ይልቅ ደረጃ ላይ የሚጠይቀኝ ይበዛል። ለሁሉም የምመልሰው አንድ ነው። «የት ጋ ነው? በአንድ ጣት አሳዪኝ» አልኳት። የግራ ሌባ ጣቷን በአውራ ጣቷ ሥር፣ ከአንጓው ጎን ጉብ ካለችው አጥንት ላይ አሳረፈች። ግማሹ ምርመራ እዚያው ደረጃ ላይ አለቀ።

ይህችን ጥያቄ የምወዳት በምክንያት ነው። የእጅና የእግር ሕመም ሲመጣ ሦስት አራት ስም ይዘን ሁሉንም እዚያ ውስጥ እንከታለን፦ ብርድ፣ ቁርጥማት፣ ሪህ፣ «ጅማቴ ዞረ»። ጅማት የሚለው ቃል ራሱ ያስቸግራል። ጡንቻን ከአጥንት የሚያስረውም ጅማት ነው፣ አጥንትን ከአጥንት የሚያያይዘውም ጅማት ነው፣ አንዳንዱ ሰውማ ነርቭንም የደም ሥርንም ጅማት ይላል። እኔ እዚህ ጅማት የምለው የመጀመሪያውን ብቻ ነው፤ ጡንቻው ሲሳብ አጥንቱን የሚጎትተውን ገመድ።

ገመዱን ደግሞ ሁላችንም እናውቀዋለን። በዓል ደርሶ ዶሮው 12 ብልት ሲወጣለት፣ ተቆርጦ የሚጣለውን እግር ልጆች ያነሱታል። ከቆረጣው ብቅ ያለችውን ነጭ ክር ሲስቧት የዶሮው ጣቶች እጥፍ ይላሉ፤ ሲለቋት ይላላሉ። በዚህ ታናሹን ያላስፈራራ ማን አለ? ያ ክር ጅማት ነው። የኛም ጣት በዚሁ ዘዴ ነው የሚታጠፈው። ጣትን አጥብቀው የሚያጥፉት ጡንቻዎች ያሉት ክንድ ላይ ነው፤ ጣት ድረስ የሚዘልቀው ክሩ ብቻ ነው።

በሚቀጥለው በዓል ሁለት ነገር አስተውሉ። ክሩ ሲሳብ አይሻክርም፣ ሙልጭ እያለ ነው የሚሄደው። ጎራዴ ሰገባ እንዳለው ሁሉ፣ ጅማትም በጠባብና በሚታጠፍ ቦታ ሲያልፍ ሰገባ አለው፦ ድርብ ስስ ሽፋን፣ በድርቡ መሐል ጥቂት ፈሳሽ። ሁሉም ጅማት ግን ሰገባ የለውም። ትልቁ የተረከዝ ጅማት ቀጥ ብሎ ስለሚሄድ እንዲህ ዓይነት ሰገባ አልተሠራለትም፤ የእጅ አንጓ፣ በመዳፍ በኩል ያሉት የጣት ጅማቶችና የቁርጭምጭሚት አካባቢ ግን ያለ ሰገባ አይሆንላቸውም። ሁለተኛ፣ ቢላዋ ታፋውን ከእግሩ ሲለይ የሚያልፍበትን ቦታ ተመልከቱ። የአጥንቱ ጫፍ ነጭ ነው፣ ያብለጨልጫል፤ ልም አጥንት ይሉታል። ጣት ሲያርፍበት ያሟልጫል፤ የእንቁላል ነጭ የመሰለ ዝልግልግ ነገር አለበት። ይህን ፈሳሽ የሚያመነጨው መገጣጠሚያውን ከውስጥ የለበጠ ስስ ሥጋ ነው። ኮት ገበር አለው አይደል? መገጣጠሚያም እንዲሁ ነው፤ ከላይ ጠንካራው፣ ከውስጥ ለስላሳው ገበር። ከጤነኛ ጉልበት ውስጥ ፈሳሹ በሙሉ ቢቀዳ አንድ የሻይ ማንኪያ አይሞላም።

የሰገባው ሽፋንና የመገጣጠሚያው ገበር ከአንድ ዓይነት ሥጋ የተሠሩ ናቸው። አንዱን የሚይዝ በሽታ ሌላውንም መያዙ ከዚህ የተነሳ ነው።

እናቶቻችን «ቁስሉ ተቆጣ» ይላሉ፤ ከዚህ የተሻለ ቃል አላገኘሁም። ሰውነት ጥቃት የደረሰበት ሲመስለው ወደ ቦታው ደም ይልካል፣ ፈሳሽ ያፈሳል፣ ተከላካይ ሕዋሳትን ያሰፍራል። ቦታው ይግላል፣ ያብጣል፣ ያማል። ሰፊ ሥጋ ላይ ከሆነ አብጦ ይጎድላል። ሰገባ ውስጥ ግን ማበጫ ቦታ የለም። በእጅ አንጓ ጀርባ በኩል ለጅማቶች የተደለደሉት መተላለፊያዎች 6 ናቸው፤ በመዳፍ በኩል ደግሞ 9 ጅማቶችና አንድ ትልቅ ነርቭ በአንድ ጠባብ ዋሻ ተጨናንቀው ያልፋሉ። ማታ ወደ ኮዬ የሚመጣን ሚኒባስ አስቡት፤ እያንዳንዱ ሰው አንድ ካፖርት ቢደርብ መስኮቱ ጥግ ያለው ምስኪን ምን ይሆናል? ያ ምስኪን ነርቩ ነው። ሌሊት አውራ፣ ሌባና የመሐል ጣታቸው እየደነዘዘ እጃቸውን እያራገፉ የሚነቁ ሰዎች ነገር ብዙ ጊዜ ይኸው ነው።

የጎረቤቴ ግን ከ6ቱ የመጀመሪያው መተላለፊያ ነው፤ አውራ ጣትን ወደ ውጭ የሚከፍቱ ሁለት ጅማቶች የሚያልፉበት። በሽታው የሚጠራው ፍሪትዝ ደ ኬርቫን በሚባል የስዊዘርላንድ ቀዶ ሐኪም ስም ነው፤ በ1895 እ.ኤ.አ. ስለ በሽታው ጽፏል። መፈተኛው ቀላል ነው፦ አውራ ጣትን መዳፍ ውስጥ አስገብቶ በአራቱ ጣቶች መጨበጥ፣ ከዚያ ጡጫውን ወደ ትንሿ ጣት በኩል ቀስ አድርጎ ማዘንበል። ጤነኛ እጅም ትንሽ ይወጠራል፣ ስለዚህ ከሌላው እጅ ጋር ማነጻጸር ነው። ጎረቤቴ ገና ግማሽ ሳትደርስ «ውይ!» ብላ ለቀቀችው።

አንድ እርማት። «መቆጣት» አልኩ እንጂ፣ የዚህ ሕመም ሰገባ በማይክሮስኮፕ ሲታይ ጎልቶ የሚገኘው መወፈር ነው፤ ከመታሸት ብዛት ግድግዳው ይደነድናል። ፀረ ብግነት ክኒን (መቆጣትን የሚያበርደው) ብቻውን ብዙ ጊዜ የማይፈውሰው ለዚህ ይመስለኛል።

አራሶችንና ትንሽ ልጅ የያዙ እናቶችን ለምን መረጠ? እንዴት እንደምታነሳት አሳዪኝ አልኳት። ሕፃኗን በብብቷ ሥር ይዛ፣ ሁለቱን አውራ ጣቶች ከደረቷ በላይ ከፍታ ብድግ አደረገቻት። በዚያ አያያዝ የልጅቷ ክብደት በሙሉ የሚያርፈው በነዚያ ሁለት ጅማቶች ላይ ነው፤ በቀን ደግሞ ስንት ጊዜ! ከወሊድ ጋር የሚመጣው የሆርሞንና የፈሳሽ ለውጥም የራሱን ይጨምራል። በዚያ ላይ የሽንት ጨርቅ አለ። ጨርቅ ስንጨምቅ አንዱ አንጓ ወዲህ፣ ሌላው ወዲያ ይጠመዘዛል፤ አውራ ጣት መሐል ላይ ይታነቃል።

ስለዚህ የመጀመሪያው መድኃኒት አያያዝ መቀየር ነው። አንዱን ክንድ ከመቀመጫዋ፣ አንዱን ከጀርባዋ ሥር አስገብቶ፣ መዳፍን ወደ ላይ አድርጎ እንደ ሰፌድ ማንሳት። ጨርቁን ከመጭመቅ ይልቅ እያንጠባጠበ ማስጣት፤ የኮዬ ነፋስ የቀረውን ይጨርሰዋል። አውራ ጣትንና አንጓን አብሮ የሚይዝ ድጋፍ ለጥቂት ሳምንታት ማሰር። አንጓውን ብቻ የሚይዘው ላስቲክ፣ አውራ ጣትን ነጻ ስለሚተው ለዚህ አይበቃም፤ ስንት ሰው ገንዘቡን እዚያ ላይ አፍስሷል። ይህ ካልበቃ ሐኪም ሰገባው ውስጥ የስቴሮይድ (ብርቱ ፀረ ብግነት መድኃኒት) መርፌ ይወጋል፤ አብዛኛው ሰው ይሻለዋል። መርፌው የተወጋበት ቆዳ ሊነጣ ወይም ሊሳሳ ይችላል፣ በኛ ቆዳ ላይ ደግሞ ጎልቶ ይታያል፤ ስኳር ያለበት ሰው ደግሞ ለጥቂት ቀናት ስኳሩ ከፍ ይልበታል። ይህን አስቀድሞ ያልተነገረው ሰው «መርፌው አበላሸኝ» ቢል አይፈረድበትም። እምቢ ያለውን በትንሽ ቀዶ ሕክምና የሰገባውን ጣሪያ መክፈት ነው።

የዚህ ሕመም ዘመዶች ብዙ ናቸው። ጣት ጠዋት ታጥፎ ይቀርና ሲያቃኑት «ቀጭ» ብሎ የሚከፈትባቸው ሰዎች አሉ፤ መዳፍ ላይ ያለው የሰገባው ቀለበት ጠቦ፣ ጅማቱ ጉብ ብሎ አላልፍም ሲል ነው፤ ስኳር ያለባቸውን ያዘወትራል። እዚህ አካባቢ ቀኑን ሙሉ በጉጠት ሽቦ እየጠመዘዙ ፌሮ የሚያስሩ ልጆች ደግሞ ከአንጓቸው ከፍ ብሎ ክንዳቸው ያብጣል። መዳፌን አሳርፌበት አንጓውን ሲያንቀሳቅስ፣ አዲስ ጫማ እንደሚያንቋቋው ያለ ነገር በእጄ ይሰማኛል። እረፍት ነው መድኃኒቱ፤ የቀን ሠራተኛን ረፍ ማለት ግን ከቀን አበሉ ተነስ ማለት ነው፣ እኔም ስናገረው አፌ ያጥረኛል።

መታሸትስ? ወጌሻን የሚሰድብ ባለሙያ አይደለሁም። የተቆጣ ሰገባን በቅቤ አጥብቆ ማሸት ግን ያደነደነውን መታሸት መጨመር ነው። ቅቤው ምንም አይል፤ አውራ ጣቱ ነው ችግሩ።

ልጃቸውን ሊያርሱ ከደብረ ብርሃን የመጡት እናቷ ይህን ሁሉ በዝምታ ሲያዳምጡ ቆይተው፣ «እኔንስ እስቲ እየኝ፣ ልጄ» አሉኝ። «እማማ፣ እርስዎም በአንድ ጣት ያሳዩኝ» ብዬ ጠበቅሁ። ጣታቸውን አነሱ፣ መልሰው አወረዱት። የቱን ያሳዩ? ሁለቱንም እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ ዘረጉልኝ። የጡጫቸው ጉብታዎች በቀኝም በግራም አብጠዋል። ስጫናቸው አጥንት አይደለም፣ ሊጥ ነው። ከጥፍር አጠገብ ያሉት መገጣጠሚያዎች ግን ደህና ናቸው። «ጠዋት ነጠላዬን እንኳ መቋጠር አልችልም። እጄ እጅ የሚሆነው በረካ ሲደርስ ነው» አሉኝ። አቦል፣ ቶና፣ በረካ፤ ከአንድ ሰዓት በላይ ነው።

ይህ የሰገባ ነገር አይደለም፣ ገበሩ ነው። የዕድሜ መበላት ጠዋት የሚያግተው ብዙውን ጊዜ ከግማሽ ሰዓት በታች ነው፤ በሥራ ይብሳል፣ ጣት ላይ ሲሆን የጥፍር አጠገቡን መገጣጠሚያ ይወዳል፣ ሲነካም እንደ አጥንት ይጠጥራል። የእማማ ተቃራኒው ነው፦ በሁለቱም እጅ እኩል፣ እንደ ሊጥ የለሰለሰ፣ ሲያርፉ የሚብስ፣ ሲያፍታቱት የሚለቅ። የሰውነት መከላከያ ተሳስቶ የራሱን ገበር እንደ ጠላት የሚወጋበት በሽታ እንዲህ ይመጣል፤ ሩማቶይድ አርትራይተስ ይሉታል፣ ሴቶችን ከወንዶች ይልቅ ሁለት ሦስት እጥፍ ይይዛል። ስሱ ገበር ይወፍራል፣ ይበዛል፣ እየተሳበ ልም አጥንቱ ላይ ይወጣና ይበላዋል። ገበሩ ኮቱን በላው ማለት ነው። የጅማት ሰገባዎችንም አይምርም፤ አንዳንዴ ጅማቱን እስኪበጥስ ድረስ ይዘልቃል። ጉዳቱ የሚፈጥነው በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ስለሆነ «ይለመዳል» እያሉ መቆየት የሚያስከፍለው ብዙ ነው። የደም ምርመራ ይረዳል፤ ሆኖም የሩማቶይድ ፋክተር ውጤት «ነጋቲቭ» ስለሆነ ብቻ በሽታው የለም አይባልም። ከ6 ሳምንት በላይ የቆየ የብዙ ትናንሽ መገጣጠሚያዎች እብጠት ካለ በጤና ጣቢያ በኩል ሪፈር አጽፎ ወደ ሆስፒታል መሄድ ይገባል።

እማማ ከቦርሳቸው በወረቀት የተጠቀለለ ነጭ ክኒን አወጡልኝ። ስም የለው፣ ማዘዣ የለው። ሲብስባቸው ከአንድ ሱቅ እየገዙ ሁለት ዓመት ወስደውታል፤ «ሲነጋ እንደ ልጅ ያደርገኛል» ይላሉ። ከክኒኑ ላይ ማንነቱን ማወቅ አይቻልም። እንዲህ በአንድ ሌሊት ተአምር የሚሠራ ግን ብዙውን ጊዜ ፕሬድኒሶሎን ወይም የእሱ ዓይነት ስቴሮይድ ነው። በሐኪም እጅ ጥሩ መድኃኒት ነው፤ ዝም ተብሎ ለዓመታት ሲዋጥ ግን አጥንት ያሳሳል፣ ስኳርና ግፊት ያመጣል፣ ከሁሉም የሚያናድደኝ ደግሞ ሕመሙን ሸፍኖ ገበሩን ሥራው ላይ መተዉ ነው። እዚህ ላይ ተሽቀዳድማችሁ እንዳትጥሉት፤ ለረጅም ጊዜ የተወሰደ ስቴሮይድ በድንገት ሲቆም ለሕይወት ያሰጋል። በሐኪም ምክር ቀስ በቀስ ይቀነሳል እንጂ።

ሪህ ላይ ብዙ አልቆይም፤ ስሙ ከተገቢው በላይ ሠርቷል። እውነተኛው ሪህ ዩሪክ አሲድ የሚባል ነገር ደም ውስጥ በዝቶ፣ መርፌ መሰል ክሪስታል ሆኖ ገበሩ ላይ ሲረግፍ ነው። ደም ውስጥ ከ6.8 ሚሊ ግራም በዴሲ ሊትር ሲያልፍ መርጋት ይችላል። አመጣጡ ሌባ ነው፤ ሌሊት፣ ብዙ ጊዜ በአውራ የእግር ጣት ሥር፣ አንሶላ እንኳ እስከማያስነካ ድረስ። ከቁርጥና ከቢራ ማግስት ከሆነ ጥርጣሬው ይጠነክራል። ግን ዩሪክ አሲዱ ከፍ ያለበት ሰው ሁሉ ሪህ የለበትም። ሽሮና ምስር እንደ ቀይ ሥጋ ሪህ ያመጣሉ የሚባለውም አይደለም፤ በፍስክ ሥጋውን፣ በጾም ሽሮውን ተከልክለው በባዶ እንጀራ የሚንገላቱ ሰዎች አውቃለሁ።

አሁን ሳይውሉ ሳያድሩ የሚሄዱበትን ልንገራችሁ። ሰገባም ገበርም ውስጥ ጀርም ከገባ የሚቆጠረው በሰዓት ነው። የአጥር እሾህ ወይም የአሣ አጥንት ጣትን በመዳፍ በኩል ይወጋል፤ ውሻ ወይም ድመት ትነክሳለች፤ በማግስቱ ጣቱ ይነፋል። አለን ካናቬል የተባለ አሜሪካዊ ቀዶ ሐኪም ከመቶ ዓመት በፊት የተዋቸው አራት ምልክቶች ዛሬም ይሠራሉ፦ ጣቱ በሙሉ እኩል አብጦ እንደ ቋሊማ ይሆናል፣ በራሱ ትንሽ ታጥፎ ይቀራል፣ በሰገባው መስመር ሲነኩት ያማል፣ ሌላ ሰው ቀና ሊያደርገው ሲሞክር ያስጮኻል። ይህ የአንቲባዮቲክ ክኒን ገዝቶ የሚጠበቅ አይደለም፤ መግሉ ሰገባውን ሞልቶ የጅማቱን ደም ሲዘጋው ጅማቱ ይሞታል። በዚያው ቀን ሆስፒታል ነው።

መገጣጠሚያም እንዲሁ። አንድ ጉልበት በድንገት ካበጠ፣ ከጋለ፣ ትኩሳት ካለና ትንሽ ማንቀሳቀስ ካልተቻለ፣ ልም አጥንቱ በቀናት ውስጥ ሊበላ ይችላል። ሐኪሙ በመርፌ ፈሳሽ ይቀዳል፤ ካበጠ ጉልበት አንድ የቡና ስኒ የሚሞላ ሊወጣ ይችላል። ጤነኛው ፈሳሽ በሲሪንጁ ማዶ ጋዜጣ ያስነብባል፤ ሲቆጣ ይደፈርሳል፤ መግል ሲሆን ምንም አያሳይም። ብዙ ሰው «ጉልበት ከተቀዳ ይደርቃል» ብሎ ይሸሻል። ፈሳሹን ገበሩ መልሶ ያመነጨዋል፤ የሚያደርቀው ሳይቀዳ የቀረው መግል ነው።

ቀስ ብለው የሚመጡም አሉ። ወራት የወሰደ፣ ብዙም የማይግል፣ የአንድ መገጣጠሚያ ወይም የአንጓ እብጠት ቲቢ ሊሆን ይችላል፤ የሰገባ ቲቢ ሲከፈት የሩዝ ፍሬ የመሰሉ ነጫጭ ነገሮች ይወጡታል። እዚህ ዳር ከተማ ወተት በጀሪካን በር ድረስ ይመጣል፣ ሳይፈላ የሚጠጣውም አይጠፋም፤ ሌሊት የሚያልብ ትኩሳትና የወገብ ወይም የጉልበት ሕመም አንድ ላይ ከመጡ ሐኪሙ ከጥሬ ወተት ስለሚመጣው ብሩሴላ ስለሚባለው ጀርም እንዲያስብ ወተቱን ንገሩት። በባዶ እግሩ ኳስ የሚጫወት ልጅ ጉልበቱ ውስጥ የተሰበረ የእሾህ ጫፍም ቆስቁሶ ዝም ይልና ከወራት በኋላ ገበሩን ያስቆጣል፤ እሾህ በራጅ አይታይም፣ አልትራሳውንድ ይሻለዋል።

ልጆች ላይ አንድ ነገር አደራ። ከ5 እስከ 15 ዓመት ያለ ልጅ ቶንሲል አሞት ከተሻለው ከሁለት ሦስት ሳምንት በኋላ ጉልበቱ አብጦ፣ ሲድን ቁርጭምጭሚቱ፣ ቀጥሎ ክርኑ እያለ ከዞረ «የዕድገት ሕመም ነው» አትበሉ። የሩማቲክ ትኩሳት መገጣጠሚያን ይልሳል፣ ልብን ይነክሳል የሚባለው ለዚህ ነው፤ ገበሩ ምልክት ሳይተው ይድናል፣ የልብ በሮች ግን ይጎዳሉ። በየሦስት አራት ሳምንቱ የሚወጋው ፔኒሲሊን ልጁ «አሁን እኮ ምንም አላመመኝም» ስላለ አይቋረጥም።

ይህን ስጽፍ ከደረጃው ወሬ ሦስት ወር አልፎታል። ጎረቤቴ ድጋፉን አውልቃ ሚስማር ላይ ሰቅላዋለች፤ ጀሪካኑን ባሏ ማታ ያወጣዋል። እናቷ ሆስፒታል ደርሰው ሜቶትሬክሴት ተጀመረላቸው። ይህ መድኃኒት ለዚህ በሽታ በሳምንት አንድ ቀን ብቻ ነው የሚዋጠው፤ በስህተት በየቀኑ የዋጠው ሰው ሊሞት ይችላል። ሥራውንም ለመጀመር ሳምንታት ይፈጅበታል፤ እማማ በ3ኛው ሳምንት «ውኃ ነው የሰጡኝ» ብለው ሊተዉት ነበር። ልጃቸው የቀናቱን ስም ካርቶን ላይ ጽፋ እሑድን በቀይ ከበበችላቸው። እሳቸው ግን ማንበብ ስለማይችሉ የራሳቸው ዘዴ አላቸው። ጥቅሉን ሕፃኗ የማትደርስበት ቁምሳጥን አናት ላይ ያደርጉና፣ የሳምንቱን ክኒን ብቻ በወረቀት ጠቅልለው እሑድ ቤተ ክርስቲያን የሚለብሱት ነጠላ ጫፍ ላይ ይቋጥሩታል። ከቅዳሴ መልስ ደረጃው ላይ ካገኘሁዋቸው፣ አረፍ ብለው ያንን ቋጠሮ በገዛ ጣታቸው ሲፈቱት አያለሁ።